ከደሴ የተመዘዘ ክር

ክሩን፣ ማለትም በኢንተርኔት መድረክ ላይ በጥያቄና መልስ የሚካሄደውን የጽሑፍ ውይይት፣ የከፈቱት በደሴ ከተማ የተማሪ ሹራብ በማምረት የሚተዳደሩ አንድ አባት ናቸው። ስድስት የሹራብ መሥሪያ ማሽኖች እንዳሏቸው፣ ከጦርነቱ ወዲህ ግን ሁለቱ በመለዋወጫ እጦት መቆማቸውን ከገለጹ በኋላ፣ ከውጭ የመጣ የልጅ ሹራብ ከገበያ ገዝተው፣ ቤታቸው ወስደው፣ ገልብጠው እንዳዩት ጻፉ። የብብቱ ስፌት በአንድ ዙር ብቻ የተያዘ፣ የእጅጌው ጫፍ ገና ሳይለበስ የላላ፣ የአንገቱም ክር ጫፉ ሳይታሰር የተተወ ሆኖ አግኝተውታል፤ ዋጋው ግን እሳቸው ለክርና ለሠራተኛ ብቻ ከሚያወጡት እንኳ ያንሳል። መጠየቅ የፈለጉት፣ 35 በመቶ ቀረጥ ተጥሎበት እንዲህ የረከሰ ሹራብ አገራችን የዓለም ንግድ ድርጅት አባል ሆና ቀረጡ ሲቀነስ የት ሊደርስ እንደሆነ፣ እሳቸውስ ማሽኖቹን ዋጋ ሳያጡ ከአሁኑ ቢሸጧቸው ይሻል እንደሆነ ነበር።

እኔ ኮምቦልቻ ውስጥ በጉምሩክ አስተላላፊነት የምሠራ ሰው ነኝ፤ ክሩን ከመጀመሪያው አንሥቼ እስከ 26ኛው መልስ ድረስ ተከታትየዋለሁ። በመካከሉ እኔም ጽፌያለሁ፤ የመጀመሪያው ጽሑፌ ስሕተት ነበረበት። የሌሎቹን አሳብ በራሴ አነጋገር ነው የማቀርበው፤ የተሳሳትኩትንም አልደብቅም።

1ኛው መልስ የወሎየ መልስ ነበር። ጸሐፊው ጠያቂውን ጋሼ ብሎ፣ አብሽሩ ብሎ ጀመረና፣ መንግሥታችን የአባልነት ጥያቄውን ያቀረበው በ1995 ማለትም ድርጅቱ በተቋቋመበት ዓመት ስለሆነ፣ ሠላሳ ዓመት ያላለቀ ነገር በእሳቸው ዘመን አያልቅምና ማሽኖቹን ያሠሯቸው ዘንድ መከራቸው። ምክሩ መልካም፣ ዘመኑ ግን የተምታታ ነበር። 2ኛው መልስ ይህን አቃና፦ ድርጅቱ የተቋቋመው እ.ኤ.አ. በጥር 1 ቀን 1995 ማለትም በእኛ በታኅሣሥ 1987 ዓ.ም. ሲሆን፣ ኢትዮጵያ ያመለከተችው በእኛ አቆጣጠር በጥር 1995 ዓ.ም. ነው። ሁለቱን 1995ቶች ማምታታት በጋዜጣ ጭምር የተለመደ ስለሆነ ሰውየውን አልወቀስኩትም። የዚሁ መልስ ጸሐፊ ቀጥሎ የዘረዘረው የጉዞውን ዝግታ ያሳያል፤ የንግድ ሥርዓታችንን የሚያብራራው ሰነድ የቀረበው በ1999፣ ጥያቄያችንን የሚመረምረው የድርጅቱ የሥራ ቡድን ለመጀመሪያ ጊዜ የተሰበሰበው በግንቦት 2000፣ ሦስተኛው ስብሰባ የተካሄደው በመጋቢት 2004፣ አራተኛው በጥር 2012፣ አምስተኛው በመጋቢት 2017 ዓ.ም. ነው። ከሦስተኛው እስከ አራተኛው ስምንት ዓመት ገደማ አለፈ፤ በዚያ ጊዜ አንደኛ ክፍል የነበረ ልጅ ዘጠነኛ ክፍል ደርሷል፤ የጋሼንም ሹራብ ቢያንስ አራት ጊዜ ቀይሯል።

3ኛውን መልስ የሰጠው የኢኮኖሚክስ ተማሪ እንደሆነ የገለጸ ወጣት ነው። ድርድሩ አገርና ድርጅት ፊት ለፊት ተቀምጠው የሚፈራረሙት አንድ ውል እንዳልሆነ ለማስረዳት ጥሩ ጥረት አድርጓል። ከነባር አባላት ውስጥ ፍላጎት ያለው እያንዳንዱ አገር አዲሱን አመልካች ለብቻው ጠርቶ የሁለትዮሽ ድርድር ያደርጋል፤ አንዱ ስለ መኪና፣ ሌላው ስለ ባንክ፣ ሌላው ስለ ዱቄት ወተት ይጠይቃል። ለአንዱ የተሰጠው ቅናሽ ግን ለሁሉም አባላት እኩል ይዳረሳል። ውሳኔው በስምምነት እንጂ በድምፅ ብልጫ የማይወሰን ስለሆነ፣ አንድ አባል ብቻውን አንገቱን በእምቢታ ከነቀነቀ ነገሩ ይቆማል። ወጣቱ ይህን ሲያብራራ የፖለቲካውን ቁልፍ አስቀመጠ፤ አመልካቹ ለመግባት የሚከፍለው ዋጋ፣ አስቀድመው ውስጥ ያሉት አባላት የሚጠይቁት ነው፤ እሱ ግን ከውስጥ እስኪገባ ድረስ እነሱን መጠየቅ አይችልም።

4ኛው መልስ የእኔ ነው። ጋሼ 35 በመቶውን ብቻ ስላነሡ፣ በየዕለቱ በዲክላራሲዮን (በጉምሩክ ቅጽ) ላይ የማየውን ሒሳብ ሠርቼ አሳየኋቸው። ወደብ እስኪደርስ 100,000 ብር የሚያወጣ የሹራብ ጭነት ቢመጣ፣ ቀረጡ 35,000 ብር ይሆናል። በድምሩ ላይ 15 በመቶ ተጨማሪ እሴት ታክስ ሲታሰብ 20,250 ብር፣ በዚያ ሁሉ ላይ 10 በመቶ ሱር ታክስ ሲታሰብ 15,525 ብር፣ ከጥቂት ዓመታት በፊት የተጨመረው የ3 በመቶ ማኅበራዊ ቀረጥ 3,000 ብር፣ ቅድመ ግብሩም ሌላ 3,000 ብር፣ በጠቅላላው 76,775 ብር ይመጣል። ስለዚህ የጋሼ መከታ 35 ሳይሆን ከ76 በመቶ በላይ ነው ብዬ ደመደምኩ፤ በሒሳቤም ትንሽ ኩራት ተሰምቶኝ ነበር።

5ኛው መልስ ኩራቴን አበረደው። ሒሳብ ሠራተኛ የሆነች እኅት፣ በጨዋ ቋንቋ ብትጀምርም መጨረሻ ላይ ቆንጠጥ አድርጋ፣ ተጨማሪ እሴት ታክሱን ተመዝጋቢ የሆነ አገር ውስጥ አምራችም የሚሰበስበው ስለሆነ መከታ እንዳልሆነ፣ ቅድመ ግብሩም አስመጪው በዓመቱ መጨረሻ ከትርፍ ግብሩ የሚያቀናንሰው ስለሆነ ጨርሶ በቀረጥ ሊቆጠር እንደማይገባው አስረዳች። በየቀኑ ቅጹን የሚሞላ ሰው ይህን መለየት ነበረበት ማለቷ ትክክል ነው፤ ስሕተቴን ወዲያው አመንኩ። ሆኖም ከሒሳቤ ሁለት ነገር ተረፈ፤ ሱር ታክሱና ማኅበራዊ ቀረጡ የሚጣሉት ከውጭ በሚገባው ዕቃ ላይ ብቻ ነው። እንዲህ ያለውን ክፍያ ተደራዳሪዎች ከቀረጥ ጎን የቆመ ሌላ ቀረጥ አድርገው ስለሚያዩት፣ በጠረጴዛው ላይ መነሣቱ አይቀርም። የጋሼ መከታ ሊሳሳ የሚችለው ከ35ቱ በፊት በዚህ በኩል ሊሆን ይችላል።

6ኛው መልስ የጋሼ ምስጋና ብቻ ነበር። 7ኛው ግን ከክሩ ሁሉ ትልቁ መልስ ይመስለኛል፤ ያነበበው ሰው ግን ጥቂት ነው። ጸሐፊው በተግባር የሚከፈለውን ቀረጥና በውል የሚታሰረውን የቀረጥ ጣሪያ ለየ። አባል የሚሆን አገር የሚፈርመው ዛሬ የሚያስከፍለውን ሳይሆን ከዚህ በላይ አልወጣም የሚለውን ወሰን ነው። ድርጅቱ እንደ እኛ ባሉ እጅግ ባላደጉ አገሮች አባልነት ላይ እ.ኤ.አ. በሐምሌ 2012 ባሻሻለው መመሪያ መሠረት፣ ለግብርና ምርቶች አማካይ ጣሪያው 50 በመቶ፣ ከግብርና ውጭ ላሉት ደግሞ 95 በመቶው ዓይነት ታስሮ አማካዩ 35 በመቶ እንዲሆን መነሻ ተቀምጧል። የእኛ ከፍተኛው ቀረጥ ራሱ 35 በመቶ ነውና፣ አባልነት ማለት ቀረጥ በማግሥቱ ይወርዳል ማለት አይደለም። አማካይ ደግሞ አማካይ ነው፤ አንዱን ዕቃ ከፍ፣ ሌላውን ዝቅ አድርጎ ማሰር ይቻላል። እንግዲህ መጠየቅ ያለበት ሹራብ በየትኛው መስመር ላይ በስንት እንደሚታሰርና ያንን መስመር የሚሞላው ማን እንደሆነ ነው።

8ኛው መልስ በዚህ አልረካም፤ ድምፁም ከዚህ ጀምሮ ጠነከረ። የወረቀት ጣሪያ እያሳያችሁን ዋናውን ነገር አትሸፍኑብን የሚል ይዘት ነበረው። ጸሐፊው እንደሚለው ትልልቆቹ አገሮች ከድሃ አገር የሚፈልጉት የሹራብ ገበያ ሳይሆን የአገልግሎት በር ነው። ለዚህም በቴሌኮም ዘርፍ እ.ኤ.አ. በ2021 ለሳፋሪኮም የተሰጠውን ፈቃድ፣ በ2024 ለውጭ ባለሀብት የተከፈተውን የችርቻሮና የጅምላ ንግድ፣ በዚያው ዓመት ታኅሣሥ ላይ ምክር ቤቱ ያጸደቀውንና ለውጭ ባንኮች በር የከፈተውን አዋጅ ጠቀሰ፤ ሁሉንም ለአባልነቱ የተከፈለ መግቢያ አድርጎ ቆጠረው። እኔ ይህን በሙሉ አልቀበለውም፤ ለነዚህ እርምጃዎች የውጭ ምንዛሬ እጥረትም፣ የአበዳሪዎች ግፊትም፣ የመንግሥት የራሱ ዕቅድም ምክንያት ነበሩ። ነገር ግን ተደራዳሪ ወደ ጠረጴዛ ሲሄድ አስቀድሞ የከፈተውን በር እንደ ሰጠው ነገር ለማስቆጠር መሞከሩ የታወቀ ነው፤ የተከፈተ በር ደግሞ ዋጋው ይረክሳል።

9ኛው መልስ የመጣው ከአምባሰል ነው፤ መምጣቱም የማይቀር ነበር። ጸሐፊው ያደገው ይስማ ንጉሥ አጠገብ ስለሆነ የውጫሌ ውል ትዝ አለው። ሚያዝያ 25 ቀን 1881 ዓ.ም. የተፈረመው ውል 17ኛው አንቀጹ በአማርኛ ንጉሠ ነገሥቱ ከሌሎች መንግሥታት ጋር ለመጻጻፍ በኢጣልያ በኩል ማድረግ ይቻላቸዋል ሲል፣ በኢጣልያንኛው ግዴታ ሆኖ መገኘቱን አስታውሶ፣ ዛሬም የድርጅቱ መቀመጫ በሆነችው በጄኔቫ የሚፈረመው በሰው ቋንቋ ስለሆነ ፊርማው ከመድረቁ በፊት ትርጉሙ ይታይ አለ። 10ኛው መልስ ወዲያው ተቆጣ። እያንዳንዱን የንግድ ውል ከውጫሌ ጋር ማነጻጸር የማሰብ ስንፍና እንደሆነ፣ በዚህ ዓይነት ሞባይል ስንገዛም 17ኛውን አንቀጽ ልናነብ እንደሆነ አሾፈ።

ክርክሩ ወደ ስድድብ ሊያመራ ሲል 11ኛው መልስ ባልጠበቅነው መንገድ አዳነው። ጸሐፊው ጡረታ የወጡ የታሪክ መምህር ናቸው። ሁለቱም ትክክል ናቸው፤ ግን የተሳሳተውን አንቀጽ ይዛችኋል የሚል መንፈስ ያለው መልስ ነበር። ሁሉም 17ኛውን ሲጠቅስ 5ኛውን የሚያነሣ የለም፤ እሱም ወደ ምፅዋ የሚሄድና ከምፅዋ የሚመጣ ቅፍለት በኢትዮጵያ ምድር የሚከፍለው የጉምሩክ ቀረጥ አንድ ጊዜ ብቻ፣ መጠኑም ከዕቃው ዋጋ 8 በመቶ እንዲሆን የሚወስን ነው። ማለት ዛሬ የቀረጥ ጣሪያ የምንለው ነገር በወሎ ምድር ከመቶ ሠላሳ ዓመት በፊት ተፈርሞ ነበር። መምህሩ አክለውም ከፈረንሳይ ጋር እ.ኤ.አ. በ1908 የተደረገው ውል የገቢ ቀረጥን በ10 በመቶ አስሮ እንደነበረና፣ መንግሥት ገቢ ሲያስፈልገው እጁ ታስሮ እንደተቸገረ አመለከቱ። የ17ኛው ጉዳይ በዐድዋ ተቋጨ፤ እንዲህ ዓይነቱ የመቶኛ ጉዳይ ግን ድል የማይደርስበት፣ በጸጥታ የሚኖር ነገር ነው። ይህን ካነበብኩ ወዲህ ሥራ ቦታ ቅጽ ስሞላ 8 በመቶውን አስታውሳለሁ።

12ኛው፣ 13ኛውና 14ኛው ስለ ይስማ ንጉሥ መንገድ መበላሸትና ውሉ ለምን በውጫሌ ስም እንደተጠራ ነው የተከራከሩት፤ አልፋቸዋለሁ።

15ኛውን መልስ የጻፈችው በኮምቦልቻ ኢንዱስትሪ ፓርክ በልብስ ስፌት ትሠራ የነበረች ወጣት ናት። እሷ ስለ ጣሪያ አላወራችም። ሥራዋ የሱሪ ኪስ መግጠም ብቻ ነበር፤ የሱሪውን ሌላ ክፍል አንድም ቀን ሰፍታው አታውቅም። በጥቅምት 2014 ዓ.ም. ጦርነቱ ከተማዋን ሲያዳርስ ከቤተሰቧ ጋር ወጣች፤ በዚያው ሰሞን የአሜሪካ መንግሥት ኢትዮጵያን ከአጎዋ፣ ማለትም የአፍሪካ አገሮች ያለ ቀረጥ ወደ አሜሪካ ከሚልኩበት ዕድል፣ ለማስወጣት መወሰኑ ተነገረ፣ እ.ኤ.አ. ከጥር 1 ቀን 2022 ጀምሮም ተፈጻሚ ሆነ። ስትመለስ ማሽኗ ቦታው ላይ እንደነበረ፣ ትእዛዝ ግን እንዳልነበረ ጻፈች። ለጥቂት ወራት በግማሽ ደመወዝ ከቆየች በኋላ ተሰናበተች። ዛሬ በደሴ ለሴቶች ቀሚስ ትሰፋለች፤ አሁን ሙሉ ልብስ መሥራት መቻሏን ግን በኩራት አስታወቀች።

16ኛው መልስ ይህን ይዞ፣ አባል ብንሆን ኖሮ አሜሪካ ይህን ልታደርግ አትችልም ነበር አለ። 17ኛው በአጭሩና በስሜት አልባ ቋንቋ አረመው። አጎዋ በድርድር የተገኘ መብት ሳይሆን አሜሪካ በ2000 እ.ኤ.አ. በራሷ ሕግ የሰጠችው ዕድል ነው፤ በሰጪው ፈቃድ ይሰጣል፣ በሰጪው ፈቃድ ይነሣል፤ ሌሎች የድርጅቱ አባል የሆኑ የአፍሪካ አገሮችም ከአጎዋ ወጥተው ያውቃሉ። ዕድሉ ሲነሣ የሚቀረው መደበኛው የአሜሪካ ቀረጥ ነው፤ እሱም ለጥጥ ቲሸርት 16.5 በመቶ፣ ለሰው ሠራሽ ክር ቲሸርት 32 በመቶ ነው። ከድሃ አገር የሚሄድ ርካሽ ልብስ ሀብታም አገር በር ላይ ይህን ያህል የሚጠየቅ ከሆነ፣ የእኛ 35 በመቶ ለምን ኃጢአት ተደርጎ እንደሚቆጠር ጸሐፊው ጠየቀ። ለዚህ የመለሰ ሰው የለም።

18ኛው መልስ ከባቲ ነው። የሰኞ ገበያን የሚያውቅ ሰው አጻጻፍ ነበረው። አባቱ ፍየል ነጋዴ ነበሩ፤ በ1993 ዓ.ም. መጀመሪያ ሳዑዲ ዓረቢያ በስምጥ ሸለቆ ትኩሳት ምክንያት ከአፍሪካ ቀንድ የሚሄድ የቁም እንስሳት ስታግድ፣ አባቱ ለዐረብ ገበያ የሰበሰቧቸውን ፍየሎች መልሰው ለሥጋ ቤት ሸጡ። ገበያው የተዘጋው በቀረጥ ሳይሆን በጤና ደንብ ነው። በድርጅቱ ደንብ እንዲህ ያለ እገዳ ሳይንሳዊ ማስረጃ ይጠየቅበታል፤ እኛ ግን የበሽታ ክትትል መዝገብና የላቦራቶሪ ውጤት ይዘን ካልቀረብን ማስረጃ መጠየቁ ብቻ እንደማይጠቅመን የባቲው ሰው ራሱ አምኗል። የቃሉ ማሾ አምራቾችም በዚሁ በር ነው የሚያልፉት፤ ሴቶቹ በሰፌድ አንገዋለው፣ ጠጠሩን በጣት ለቅመው ያወጡታል፤ የገዢው አገር ግን የሚጠይቀው ጠጠር ብቻ ሳይሆን በዓይን የማይታይ የመድኃኒት ቅሪትም ነው።

19ኛው መልስ የባቲን ሰው አላከበረም። ጋሼን የሚያከስራቸው ጄኔቫ ሳይሆን በባቲ በኩል በግመል የሚገባው ሰልባጅና ኮንትሮባንድ መሆኑን ሲገልጽ፣ የአካባቢውን ሰው በሙሉ ኮንትሮባንዲስት አስመስሎ ጻፈ። አወያዩ የስድቡን ክፍል አነሣው፤ ፍሬ ነገሩ ግን ቀረ። እኔም የምመሰክረው ነው፤ ጋሼ ገልብጠው ያዩት ሹራብ 35ቱን በመቶ ከፍሎ መግባቱን ማንም አላረጋገጠም። ካልከፈለ ደግሞ በጠረጴዛ ላይ የሚደረገው ድርድር ሁሉ የሚመለከተው ከፍለው የሚያስገቡትን ብቻ ነው።

ሰልባጅ ሲነሣ 20ኛው መልስ ሩዋንዳን አመጣ። ሩዋንዳ የራሷን ልብስ ስፌት ለማሳደግ በልባሽ ጨርቅ ላይ ቀረጥ ስትጨምር፣ የአሜሪካ ልባሽ ጨርቅ ነጋዴዎች ለመንግሥታቸው አቤት አሉ፤ ኬንያ ወደኋላ ተመለሰች፣ ሩዋንዳ ግን ጸናች፤ እ.ኤ.አ. በሐምሌ 2018 ለልብሶቿ የነበራት የአጎዋ ዕድል ታገደ። ይህን ያደረገው የየትኛውም ዓለም አቀፍ ድርጅት ፍርድ አልነበረም።

21ኛው ያው ተማሪ ነው፤ ተስፋ ይዞ ተመለሰ። ካምቦዲያ በ2004፣ ቬትናም በ2007 እ.ኤ.አ. አባል ሆነው ልብስ በመላክ የደረሱበትን አስታወሰ። 22ኛው ሔይቲን አነሣበት፤ የሩዝ ቀረጥ እ.ኤ.አ. በ1995 ወደ 3 በመቶ ወርዶ በድጎማ የተመረተ የአሜሪካ ሩዝ ገበያውን ሲሞላ ገበሬው ከማሳው እንደወጣ፣ ቢል ክሊንተንም በ2010 በምክር ቤት ፊት ጥፋቱን እንዳመኑ ጠቀሰ። ሁለቱ እንደ ሁለት በሬ ግንባር ገጥመው ቆሙ። እኔ ግን ምሳሌዎቹ የሚቃረኑ አይመስሉኝም፤ ቬትናም ስትገባ የሚሸጥ ነገር አዘጋጅታ ነበር፤ የሔይቲ ቀረጥ የወረደው አገሪቱ ለመደራደር አቅም ባጣችበት ጊዜ ነው።

23ኛው መልስ መራራ ነበር። በዶሃ የተጀመረው የድርጅቱ የንግድ ድርድር፣ የልማት ዙር የተባለው፣ በሐምሌ 2008 እ.ኤ.አ. ሕንድና አሜሪካ በገበሬ መከላከያ ቀረጥ ላይ ሳይስማሙ ሲቀሩ መሰናከሉን፣ ቤኒን፣ ቡርኪና ፋሶ፣ ቻድና ማሊ በ2003 ያነሡት የጥጥ ድጎማ አቤቱታ ዛሬም እልባት አለማግኘቱን፣ የድርጅቱ የይግባኝ አካል ከታኅሣሥ 2019 ጀምሮ በቂ ዳኛ አጥቶ ሥራ ማቆሙን፣ በሚያዝያ 2025 ደግሞ አሜሪካ በአብዛኞቹ አገሮች ላይ ቢያንስ 10 በመቶ ተጨማሪ ቀረጥ መጫኗን ደርድሮ፣ ደንቡን ያወጡት ሲጥሱት እኛ ለመግባት የምንለምነው ምን እንደሆነ ጠየቀ። ቁጣው ይገባኛል። ነገር ግን ደንብ በሌለበት ገበያ የሚጎዳው ማን እንደሆነ የባቲው ሰው አስቀድሞ ተናግሯል።

24ኛው የጋሼ ነበር። ሁሉንም አንብበዋል። በ7ኛው መልስ መሠረት የሹራብ መስመር በስንት ሊታሰር እንደታሰበ ለማወቅ አንድ መሥሪያ ቤት ሄደው ነበር፤ ዝርዝሩ በእጃቸው እንደሌለ፣ ቢኖርም ለግለሰብ እንደማይሰጥ ተነግሯቸዋል። ስለዚህ ቢያንስ የመስመሩን ቁጥር የሚያውቅ ካለ ይንገረኝ አሉ።

ይህ የእኔ ሥራ ስለሆነ 25ኛውን መልስ ጻፍኩ፤ በሹራብ የተሠራ ልብስ ምዕራፍ 61 ሲሆን፣ ሹራቡ ራሱ 6110 ነው። ማሽኖቻቸውን ስለ መሸጥ ግን ምንም አላልኩም።

26ኛው መልስ በሰዓቱ ውስጥ መጣ። ጋሼ ለ6110 አመስግነው፣ ከእሱ ይልቅ የሚያሳስባቸው ሌላ መስመር እንዳለ ጻፉ። ሹራቡ እንዲታሰርላቸው የሚፈልጉት ከፍ ብሎ ነው፤ ሹራቡ የሚሠራበት አክሪሊክ ክር ግን ከውጭ ስለሚመጣ፣ እሱ በተቻለ መጠን ዝቅ ብሎ ቢታሰርላቸው፣ ባለፈው ክረምት የተመዝጋቢ ተማሪዎችን ትእዛዝ ለመጨረስ ያነሳቸውን ክር በእጥፍ ዋጋ ባልገዙት ነበር። ከጽሑፉ ሥር የባዶ ክር ጥቅል ፎቶ አያይዘው፣ በካርቶኑ ላይ የተለጠፈውን የደበዘዘ ጽሑፍ አንብቤ የክሩን ቁጥር እንድነግራቸው ጠየቁኝ። ፎቶውን አሳድጌ አየሁት፤ 5509 ብዬ መለስኩላቸው።